ጦርነት እንደ በረዶ ከሰማይ አይወርድም



ባለፈው ሰሞን ማታ በመሠረተ ትምህርት ጣቢያችን ተራ በተራ ጋዜጣ ስናነብ «ዲፕሎማሲ» የሚል ቃል አጋጠመን። ቃሉን ያነበቡት አንድ አዛውንት ናቸው። ፊደሎቹን አንድ በአንድ ለቅመው ከጨረሱ በኋላ፣ ጣታቸውን ከወረቀቱ ላይ ሳያነሡ፣ «አስተማሪ፣ ማንበቡንስ አነበብኩት፤ ግን ምን ማለት ነው?» አሉኝ። «አባባ፣ መንግሥታት ጉዳያቸውን በመልእክተኛና በደብዳቤ የሚነጋገሩበት መንገድ ነው» አልኳቸው። ጥቂት አሰብ አደረጉና «ታዲያ ከተነጋገሩ ለምን ይዋጋሉ? ተወኝ ልጄ፣ ጦርነት እንደ በረዶ ነው። ከላይ ይወርዳል፣ ሰብሉን ይመታል፣ ማንም አይመልሰውም» ብለው ጋቢያቸውን ተከናንበው ወደ ቤታቸው ሄዱ።

ያን ማታ መልስ አጣሁ። ይህ ጽሑፍ ለእኒያ አባትና እንደ እርሳቸው ለሚያስቡ ሁሉ ዘግይቶ የመጣ መልሴ ነው። እኔ የምለው እንዲህ ነው፦ ጦርነት እንደ በረዶ ከሰማይ አይወርድም። ደረጃ በደረጃ የሚሠሩት ሰዎች ናቸው፤ በየደረጃውም «እስኪ ቆይ» ማለት ይቻላል። ለዚህ ምስክር አድርጌ የማቀርበው በ1906 ዓ.ም. የተነሣውንና ዓለምን ያዳረሰውን ጦርነት ነው። ፈረንጆቹ በራሳቸው አቆጣጠር የ1914 ጦርነት ይሉታል።

ነገሩ ከሩቅ ይጀምራል። በዚያን ዘመን የአውሮፓ ኃያላን መንግሥታት በሁለት ጎራ ተከፍለው ነበር። ጀርመን፣ ኦስትሪያ-ሀንጋሪና ጣሊያን በ1874 ዓ.ም. የሦስትዮሽ ቃል ኪዳን ተፈራረሙ። ፈረንሳይና ሩሲያ ደግሞ በ1886 ዓ.ም. ተዋዋሉ። እንግሊዝም በ1896 ዓ.ም. ከፈረንሳይ ጋር፣ በ1899 ዓ.ም. ከሩሲያ ጋር የነበራትን የቅኝ ግዛት ጭቅጭቅ አብርዳ ወደ እነርሱ ተጠጋች። ሁሉም ይህን ያደረግነው ሰላም ለመጠበቅ ነው ይል ነበር። ነገር ግን አንዱ ሲታጠቅ ሌላው ይታጠቃል፤ አንዱ የጦር መርከብ ሲሠራ ሌላውም ይሠራል። በመንደርም የምናየው ይኸው ነው። ሁለት ሰዎች ቢጣሉ ጥሉ የሁለት ሰው ነው። ዘመድ አዝማድ በሁለት ወገን ተሰልፎ ከቆመ ግን አንዲት ዶሮ የሰው ጓሮ ብትገባም ሰው ይሞታል።

ሰኔ 21 ቀን 1906 ዓ.ም. የኦስትሪያ-ሀንጋሪ አልጋ ወራሽ ፍራንዝ ፈርዲናንድ ከሚስቱ ከሶፊ ጋር ሳራዬቮ በምትባል የቦስኒያ ከተማ በጥይት ተገደለ። ቦስኒያ ኦስትሪያ በ1901 ዓ.ም. ጠቅልላ የያዘቻት አገር ነበረች። ገዳዩ ጋቭሪሎ ፕሪንሲፕ ይባላል። የቦስኒያ ሰርብ ነው፤ ከገበሬ ቤት የተወለደ ተማሪ ሲሆን ዕድሜው 19 ዓመት ነበር። እኔ ሃያ ዓመቴ ነው። ይህን ባነበብኩ ቁጥር ደንገጥ እላለሁ። ብዙ ሰው «አንድ ልጅ በተኮሰው ጥይት ዓለም ተቃጠለ» ይላል። ለእኔ ግን ይህ አባባል ትልልቆቹን ነጻ የሚያወጣ ይመስለኛል። ልጁ ሁለት ሰው ገደለ፤ ወንጀሉም የራሱ ነው። ሚሊዮኖቹን ለሞት ያበቃው ግን ከዚያ ወዲህ ባሉት 37 ቀናት በየቢሮው የተጻፈው ወረቀት ነው። እስኪ ደረጃዎቹን እንቁጠራቸው።

አንደኛው ደረጃ ልክ የሌለው አይዞህ ባይነት ነው። ኦስትሪያ የግድያው ሤራ የተጠነሰሰው በጎረቤቴ በሰርቢያ ነው ብላ ሰርቢያን ለመቅጣት ፈለገች። ሆኖም ከሰርቢያ ጀርባ ሩሲያ ስላለች ብቻዋን ለመግባት ፈራች። ስለዚህ ሰኔ 28 ቀን በርሊን ላይ የጀርመኑን ንጉሠ ነገሥት ዊልሄልምን በመልእክተኛ ጠየቀች። እርሱም ኦስትሪያ የፈለገችውን ብታደርግ ጀርመን ከጎኗ እንደምትቆም ቃል ሰጠ። የታሪክ ሰዎች ይህን «ባዶ ቼክ» ይሉታል። ፈርሞ የገንዘቡን ልክ ሳይጽፉ መስጠት ማለት ነው። አይዞህ የተባለ ሰው ደግሞ ድምፁ ይወፍራል፤ ሽማግሌ አይሰማም።

ሁለተኛው ደረጃ አጭር ቀነ ገደብ ነው። ሐምሌ 16 ቀን ማታ ኦስትሪያ አሥር ጥያቄዎች ያሉበት ደብዳቤ ለሰርቢያ ሰጠች። ለመልሱ የፈቀደችው 48 ሰዓት ብቻ ነበር። ደብዳቤውም ሲረቀቅ ሰርቢያ እንዳትቀበለው ሆኖ ነው የተረቀቀው። ሰርቢያ ግን አብዛኛውን ተቀብላ መልስ ሰጠች። እንቢ ያለችው በተለይ የኦስትሪያ ሹማምንት አገሯ ገብተው በምርመራው ይካፈሉ የሚለውን ነበር። የኦስትሪያው መልእክተኛ መልሱን አየት አድርጎ በግማሽ ሰዓት ውስጥ ባቡር ተሳፍሮ ከተማውን ለቀቀ። ሻንጣው ቀድሞ ታስሮ ነበር። እንግዲህ እናንተው ፍረዱ፤ ዕቃውን ጠቅልሎ መልስ የሚጠብቅ ሰው ዕርቅ የሚጠብቅ ነው?

ሦስተኛው ደረጃ ሽማግሌን መግፋት ነው። የእንግሊዙ የውጭ ጉዳይ ሚኒስትር ኤድዋርድ ግሬይ ሐምሌ 19 ቀን አንድ ሐሳብ አቀረበ። ይኸውም እንግሊዝ፣ ፈረንሳይ፣ ጀርመንና ጣሊያን ተሰብስበው ነገሩን ያብርዱት የሚል ነበር። ጀርመን አልተቀበለችም። ሐምሌ 21 ቀን ኦስትሪያ በቴሌግራም ጦርነት አወጀች። የሚያሳዝነው ነገር፣ በዚያው ዕለት ጠዋት ዊልሄልም የሰርቢያን መልስ አንብቦ ከእንግዲህ ለጦርነት ምክንያት የለም ብሎ ጽፎ ነበር። ግን ረፈደ። ከሰኔ ማርያም እስከ ሐምሌ ማርያም፣ ልክ በሠላሳኛው ቀን፣ ጥሉ ጦርነት ሆነ።

አራተኛው ደረጃ ክተት ነው። ሩሲያ ሰርቢያን ለመርዳት ሠራዊቷን ለማንቀሳቀስ ተነሣች። የሩሲያው ንጉሥ ኒኮላስና ዊልሄልም ዘመዳሞች ነበሩና በቴሌግራም ይጻጻፉ ነበር። ሐምሌ 22 ቀን ማታ ኒኮላስ የዘመዱ ቴሌግራም ሲደርሰው አጠቃላይ የክተቱን ትእዛዝ ሰረዘ። በማግሥቱ ግን ጄኔራሎቹና ሚኒስትሩ ወትውተው እንደገና አሳዘዙት። ጀርመንም በበኩሏ ለሩሲያ የ12 ሰዓት ቀነ ገደብ ሰጥታ ሐምሌ 25 ቀን ጦርነት አወጀችባት።

ያን ጊዜ ጦር የሚጓጓዘው በባቡር ነበር። የባቡሮቹ ጉዞ ቀደም ብሎ በሰዓትና በደቂቃ ተሰልቶ ተቀምጧል። የጀርመን የጦር ዕቅድ ደግሞ በቤልጅየም በኩል አልፎ አስቀድሞ ፈረንሳይን መምታት ነበር። ስለዚህ ጥሉ ከሩሲያ ጋር ሆኖ ሳለ ጦሩ የሚዘምተው ወደ ፈረንሳይ ሆነ። ዊልሄልም በመጨረሻዋ ሰዓት ጦሩ ወደ ምሥራቅ ብቻ ይዙር ቢል የጦር አዛዡ ሞልትኬ ዕቅዱ አሁን ሊለወጥ አይችልም አለው። ቁልቁለት ላይ የተለቀቀ ድንጋይ ማን ይመልሰዋል? ሐምሌ 27 ቀን በፈረንሳይ ላይ ጦርነት ታወጀ። በማግሥቱ የጀርመን ጦር ቤልጅየም ገባ። የቤልጅየም ገለልተኛነት በ1831 ዓ.ም. በውል የጸና ነበርና እንግሊዝም በዚያው ቀን ገባችበት።

አሁን ደግሞ ገበሬውን እንየው። ሐምሌ ለእኛ የአረም ወር ነው፤ ለአውሮፓ ገበሬ ግን የአጨዳ ወር ነው። ሐምሌ 25 ቀን ከሰዓት በኋላ በፈረንሳይ ገጠር የቤተ ክርስቲያኑ ደወል ሲጮህ ብዙ አጫጆች እሳት የተነሣ መስሏቸው ወደ መንደር ሮጡ። የጠበቃቸው የክተት ትእዛዝ ነበር። ወንዱ አዝመራውን ሳይሰበስብ ሄደ፤ መንግሥትም የቀረውን አዝመራ ሴቶችና ልጆች እንዲሰበስቡ ጥሪ አደረገ። እኛ ፍልሰታን በምንፈታበት ዕለት፣ ነሐሴ 16 ቀን፣ 27,000 ያህል የፈረንሳይ ወታደሮች በአንድ ቀን አለቁ። ጦርነቱ ኅዳር 2 ቀን 1911 ዓ.ም. ሲቆም የሞቱት ወታደሮች ብቻ 9 ሚሊዮን ያህል ነበሩ። ከእነዚያ መካከል ያን ሁሉ ቴሌግራም ማንበብ ቀርቶ መጻፉን እንኳ የሰማ ስንቱ ይሆን?

«ታዲያ የፈረንጅ ጥል እኛን ምን አገባን?» ትሉ ይሆናል። ሳንጠራው ቤታችን ገብቷል። የሁለቱ ጎራ መልእክተኞች አዲስ አበባ ውስጥም ይሻኮቱ ነበር። ጣሊያን በ1907 ዓ.ም. ጎራ ለውጣ ወደ እንግሊዝና ፈረንሳይ ወገን ገባች። የሦስቱ መንግሥታት ወኪሎችም ልጅ ኢያሱ ወደ ጀርመንና ወደ ቱርክ አዘነበሉ ብለው ተቃውሟቸውን አሰሙ። መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. ልጅ ኢያሱ ከሥልጣን ወረዱ። ጥቅምት 17 ቀን የወሎና የሸዋ ሠራዊት በሰገሌ ሜዳ ተጋጥሞ በብዙ ሺህ የሚቆጠር የአንድ አገር ልጅ አለቀ። ሰገሌን ያመጣው የፈረንጅ ጥል ብቻ ነው አልልም፤ የመኳንንቱ የሥልጣን ሽኩቻ ዋናው ነው። የውጪው ጥል ግን በእሳቱ ላይ እንጨት ጨመረ። የኅዳር በሽታም እንዲሁ ነው። በ1911 ዓ.ም. ያን ሁሉ ሕዝብ የፈጀው የኢንፍሉዌንዛ ወረርሽኝ ዓለምን የዞረው ከአገር አገር በሚጓጓዘው ወታደር ጭምር ነው። ኅዳር 12 ቀን ቆሻሻ እያቃጠልን ስናጥን ያን ክፉ ጊዜ እያስታወስን ነው።

አንዳንድ ጓደኞቼ «ሰው ሲወረር ዝም ይበል ነው የምትለው?» እያሉ ይሞግቱኛል። አይደለም። ቤልጅየም አገሯን መከላከሏ ትክክል ነበር። አባቶቻችንም በ1881 ዓ.ም. የተፈረመው የውጫሌ ውል 17ኛ አንቀጽ በአማርኛ ሌላ፣ በጣሊያንኛ ሌላ ሆኖ ሲገኝ ወዲያው አልተኮሱም። ዓመታት በደብዳቤ ተከራክረው፣ በ1885 ዓ.ም. ውሉ መፍረሱን አስታውቀው፣ ወራሪው ሲገፋ ነው ወደ ዐድዋ የዘመቱት። ቤቱ የተገባበትና ገብቶ የመታ እኩል አይደሉም። የእኔ ክርክር ጥይት ከመጮሁ በፊት ስላለችው ጊዜ ነው።

አሁን ደግሞ የራሴን ጥፋት ልንገራችሁ። በተመደብኩበት ቀበሌ ሁለት ጎረቤታሞች በወሰን ተጣሉ። አንደኛው ማታ የማስተምራቸው ሰው ናቸው። «ልጄ፣ ጠንከር አድርገህ ጻፍልኝ» አሉኝ። እኔም አንዱን ወገን ብቻ ሰምቼ፣ ጽሕፈት ማወቄን ለማሳየት፣ «በሦስት ቀን ውስጥ ካልለቀቅህ ለሚመጣው ሁሉ ተጠያቂው አንተ ነህ» ብዬ ጻፍኩ። «አይዞዎት፣ መብትዎ ነው» ማለቴም አልቀረም። ደብዳቤው ሲደርስ ያኛው ወንድሞቹን ጠራ፤ ይህኛው አማቾቻቸውን ጠሩ። በሁለተኛው ቀን ማታ በሁለቱም ደጅ ዱላና ጦር ሲሰበሰብ አየሁ። ጉልበቴ ከዳኝ።

ያዳነን የሁለቱንም ቤት ልጆች ያዋለዱ አንዲት እናት ናቸው። በመካከል ገብተው «እስከ እሑድ የሚነካካ የለም፤ ሽማግሌ ወሰኑን ይርገጠው» አሉ። እሑድ ዕለት ሽማግሌዎች ወሰኑን በእግራቸው ሄደው የድሮውን የወሰን ድንጋይ አገኙት፤ ጭቅጭቁም በአንድ ክንድ መሬት አለቀ። በኋላ እኒያ እናት ወደ እኔ ዞር ብለው «ልጄ፣ ፊደል ማወቅህ ደግ ነው። ስትጽፍ ግን ለሰውዬው መመለሻ መንገድ ተውለት» አሉኝ። የ1906ቱ ሚኒስትሮች ያጡት ይህን ምክር ነው።

መመለሻ መንገድ ሲኖር ምን እንደሚሆንም ዓለም አይቷል። በጥቅምት 1955 ዓ.ም. አሜሪካና ሶቪየት ኅብረት በኩባ በተተከለ የኑክሌር ሚሳይል ምክንያት ተፋጠጡ። ኬኔዲና ክሩሽቾቭ ግን በደብዳቤና በመልእክተኛ መነጋገሩን አላቋረጡም። ሶቪየት ሚሳይሉን ከኩባ አነሣች። አሜሪካም ኩባን እንደማትወር ቃል ሰጠች፤ በቱርክ የተከለችውን ሚሳይል ለማንሣትም በምሥጢር ተስማማች። ሁለቱም ፊታቸው ሳይጠቁር ተመለሱ፤ እኛም ተረፍን።

ስለዚህ ውድ አንባቢያን፣ ሁለት ኃያላን ተቃቃሩ፣ አምባሳደር አባረሩ የሚል ወሬ በራዲዮ ስትሰሙ «የእነርሱ ጉዳይ ነው» ብላችሁ አትለፉ። አራት ነገር ጠይቁ። ከጀርባ ሆኖ ልክ የሌለው አይዞህ ያለው ማነው? የተሰጠው ጊዜ ስንት ቀን ነው? ሽማግሌ የሆነው ማነው፣ ተሰማ ወይስ ተገፋ? ጦሩስ ከወዲሁ ተነሥቷል ወይ? በየቀበሌያችንም ወሰን ሲገፋ፣ ከብት ሲጠፋ፣ ደም ሲፈላ እነዚህኑ ጥያቄዎች እንጠይቅ።

አባባ፣ በረዶ ሲመጣ ጣራ ሥር ከመግባት በቀር ምንም ማድረግ አይቻልም፤ በዚህ እውነትዎን ነው። ጦርነትን ግን ገና ደብዳቤ ሳለ ይዞ ማስቀረት ይቻላል። እርስዎም አሁን ደብዳቤ ማንበብ ጀምረዋል። ሳይቃጠል በቅጠል ይባል የለ?

ከአንድ ዘማች ተማሪ