ውኃ በ92 ዲግሪ ሲፈላ

«ንጹሕ ውኃ በስንት ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይፈላል?» ይህን ጥያቄ ሳይጠየቅ ትምህርት ቤት የጨረሰ ኢትዮጵያዊ ይኖራል ብዬ አላስብም። መልሱ 100 ነው። 100ን ያከበበ ልጅ ማርኩን ያገኛል፣ ሌላ ያከበበ ያጣል።

አሁን አንድ የአዲስ አበባ ልጅ ቴርሞሜትር አግኝቶ ቤቱ በሚንተከተክ ድስት ውስጥ ቢነክር የሚያነበው 92 አካባቢ ነው። ደብረ ብርሃን ያለች እኩያው 90 ተኩል ገደማ ታነባለች፤ ጋምቤላ ያለው ደግሞ ወደ 98 ይጠጋል። ሦስቱም ቴርሞሜትሮች ደህና ናቸው፣ ሦስቱም ልጆች በትክክል አንብበዋል። 100 ዲግሪ የሚሠራው በባሕር ጠለል ላይ ባለው የአየር ግፊት ነው። ከፍታው በ300 ሜትር በጨመረ ቁጥር ውኃው የሚፈላበት ሙቀት በአንድ ዲግሪ ያህል ይወርዳል። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2,400 ሜትር ገደማ ላይ ስላለች ከላይ የሚጫነው አየር ስስ ነው፤ ውኃውም ብዙ ሳይግል እንፋሎት ሆኖ ያመልጣል። ከፈላ በኋላ እሳቱን ብናቀጣጥለው ቶሎ ይተናል እንጂ ከ92 አያልፍም። ደጋ ላይ ሽምብራና ባቄላ ማገዶ የሚፈጁት ለዚህ ነው፤ እንፋሎቱን አፍኖ የሚያበስለው ፕሬዠር ኩከር ከቆላ ይልቅ ለደገኛ የሚጠቅመውም እንዲሁ።

በዚህ በአንድ ድስት ውስጥ ስንት ትምህርት አለ! የአየር ግፊት፣ የሙቀትና የእንፋሎት ነገር፣ የአገራችን መልክዓ ምድር፣ የእናቶቻችን ወጥ ቤት። 100 ብሎ የሸመደደው ልጅ ግን ከዚህ ሁሉ አንዱንም አላገኘም። ይልቁንም ሌላ ትምህርት ወስዷል፦ በዓይኑ ያየውና መጽሐፉ ያለው ሲጋጩ ዓይኑን መተው እንዳለበት። ሳይንስ የሚባለው ነገር ቆሞ የሚሄደው በተቃራኒው መንገድ ነው። ስለዚህ በሳይንስ ክፍለ ጊዜ ውስጥ ሳይንስን የሚያጠፋ ልማድ እያስተማርን ነው ብል ማጋነን አይመስለኝም።

መጽሐፉ ተሳስቷል እያልኩ አይደለም፤ አንዳንዱ መጽሐፍ «በባሕር ጠለል ላይ» የምትለውን ሐረግ ጨምሮ ጽፏል። ችግሩ ያቺ ሐረግ ሾርት ኖት ሲጻፍ መውደቋ ነው። ወደ ፈተና የምትደርሰው ቁጥሯ ብቻ ናት።

ልጆች ወደ ክፍል ሲገቡ ጭንቅላታቸው ባዶ አይደለም። ስለ ፀሐይ፣ ስለ ዝናብ፣ ስለ እሳት፣ ስለ በሽታ የራሳቸው ማብራሪያ ይዘው ነው የሚመጡት፤ ያንን ማብራሪያም በዋዛ አይለቁትም። ስቴላ ቮስኒያዱና ዊሊያም ብሩወር የተባሉ ተመራማሪዎች በአሜሪካ ኢሊኖይ ግዛት 60 የአንደኛ፣ የሦስተኛና የአምስተኛ ክፍል ልጆችን ስለ መሬት ቅርጽ ጠይቀው ውጤቱን በ1992 እ.ኤ.አ. አሳትመዋል። «መሬት ምን ዓይነት ቅርጽ አላት?» ሲባሉ አብዛኞቹ «ክብ» አሉ። የእኛ ፈተና ቢሆን እዚህ ላይ ያበቃ ነበር፤ ሙሉ ማርክ። ተመራማሪዎቹ ግን ቀጠሉ። ቀጥ ብለህ ለብዙ ቀን ብትሄድ የት ትደርሳለህ? መሬት ጫፍ አላት? ከጫፏ መውደቅ ይቻላል? በል እስኪ ሥላትና ሰዎቹ የት እንዳሉ አሳየኝ።

ያኔ ጉዱ ወጣ። አንዳንዶቹ ልጆች ሁለት መሬት ነበረቻቸው፦ አንዷ መምህርት የምትናገርላት፣ ሰማይ ላይ ያለች ክብ መሬት፤ ሌላዋ እነሱ የቆሙባት ዝርግ መሬት። አንዳንዶቹ ደግሞ ውስጧ ክፍት የሆነ ኳስ ሥለው ሰዎቹን በኳሱ ሆድ ውስጥ ባለ ሜዳ ላይ አቆሟቸው። እንደ ሳንቲም ክብም ጠፍጣፋም ያደረጓት ነበሩ። እነዚህን ልጆች ሰነፍ የሚላቸው ካለ በደንብ አላያቸውም። እግራቸው የሚነግራቸውንና መምህራቸው የነገረቻቸውን፣ የማይታረቁ የሚመስሉ ሁለት ነገሮች፣ ለማስታረቅ ደክመዋል። ሐሳባቸውን አውጥቶ ያየ መምህር ከዚያ ወዴት መሄድ እንዳለበት ያውቃል። «ክብ» የሚለውን መልስ ተቀብሎ ያለፈ መምህር ግን ልጁ ያለበትን ቦታ ሳያውቅ ዓመቱ ያልቅበታል።

የእህቴ ልጅ 5ኛ ክፍል ሳለች በገና ሰሞን ሌሊቱ ለምን እንደሚበርድ ጠየቅኋት። ቀና ብላ አየችኝና፣ «አክስቴ፣ የፈተናውን ልንገርሽ ወይስ እኔ የሚመስለኝን?» አለችኝ። ለእሷ ሁለቱ የተለያዩ ነገሮች መሆናቸው ምንም አላስገረማትም፤ እኔን ግን እስከ ዛሬ ያሳስበኛል። የፈተናው መልስ ስለ መሬት ማዘንበል የሚናገር አንድ ዓረፍተ ነገር ነበር፤ ሳትሳሳት ወጣችው። የሚመስላት ደግሞ ፀሐይ በዚያ ሰሞን ስለምትርቅ ነው።

በእሷ መፍረድ አይገባም። በ1987 እ.ኤ.አ. በተሠራ አንድ ዘጋቢ ፊልም ላይ በሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ የምረቃ ቀን ተመራቂዎችና መምህራን ሳይቀሩ የወቅቶች መፈራረቅ ወይም የጨረቃ መልክ መለዋወጥ ምክንያቱ ምን እንደሆነ ተጠይቀው ነበር። ከ23ቱ 21ዱ ተሳሳቱ። ብዙዎቹ ስለ ወቅቶች የሰጡት መልስ የእህቴ ልጅ የሰጠችው ነው፤ መሬት ለፀሐይ ስትቀርብ ይሞቃል፣ ስትርቅ ይበርዳል። ዓመታት የፈጀ ትምህርት ያንን የልጅነት ሐሳብ አልነካውም፤ ከላዩ ሌላ ነገር ተጻፈበት እንጂ።

እውነቱ ደግሞ ለኢትዮጵያ ልጅ በተለይ የሚጥም ነው። መሬት በዓመት ውስጥ ለፀሐይ በጣም የምትቀርበው ልክ በገና ሰሞን፣ በታኅሣሥ መጨረሻ ነው፤ 147 ሚሊዮን ኪሎ ሜትር ገደማ። በጣም የምትርቀው በሰኔ መጨረሻ ሲሆን ያኔ 152 ሚሊዮን ይደርሳል። ታዲያ ደጋው ላይ ውርጭ የሚጥለው ፀሐይ በቀረበችበት ሰሞን ነው ማለት ነው! ይህን የሰማ ልጅ «እንዴት?» ማለቱ አይቀርም፤ ትምህርቱም ከዚያች «እንዴት» ይጀምራል። ሰማዩ ጥርት ብሎ፣ አየሩ ደርቆ፣ መሬት ቀን የሰበሰበችውን ሙቀት ሌሊት የሚይዝላት ደመና ስታጣ የሚሆነውን ልጆቹ በብርድ ልብስ ውስጥ ሆነው ያውቁታል። ስም ሰጥቶ የሚያስረዳቸው ነው ያጡት።

የመሬትን ማዘንበል በተመለከተ ደግሞ የቦታችን ዕድል ትልቅ ነው። አዲስ አበባ ከምድር ወገብ በስተ ሰሜን 9 ዲግሪ ላይ ናት። በትምህርት ቤቱ ግቢ ፀሐይ በሚያገኝ ቦታ አንድ ሜትር ርዝመት ያለው ዱላ ቀጥ ተደርጎ ይተከል። ሰዓታችን የተቀመረው ከእኛ በስተ ምሥራቅ ባለ መስመር ስለሆነ እውነተኛው ቀትር የሚሆነው ከ6 ሰዓት ተኩል ትንሽ ቀደም ብሎ፣ ለብዙ ትምህርት ቤቶች በምሳ ዕረፍት ገደማ ነው። ከመለካቱ በፊት እያንዳንዱ ልጅ ግምቱን በደብተሩ ይጻፍ፤ ጥላው ስንት ሴንቲ ሜትር ይሆናል? ወደ የት ይወድቃል? ብዙዎቹ «በቀትር ፀሐይ አናት ላይ ስለሆነች ጥላ የለም» ብለው እንደሚጽፉ እገምታለሁ። ታኅሣሥ 13 ቀን ሲለኩ 63 ሴንቲ ሜትር ያህል ጥላ ወደ ሰሜን ተዘርግቶ ያገኙታል። ከዚያ በየሳምንቱ እየለኩ ሲሄዱ ጥላው ያጥራል፤ በሚያዝያ 5 አካባቢ ከዱላው ሥር ገብቶ ሊጠፋ ይደርሳል። ከዚያ በኋላ ነው ድንቁ፤ ጥላው ወደ ደቡብ ይዞራል። ሰኔ 14 ቀን 26 ሴንቲ ሜትር ያህል ይሆናል፤ ደመና ከከለከለም በግንቦት መጨረሻ ከዚያ ብዙ ያላነሰ ይገኛል።

የለንደን ልጅ ይህን በፍጹም አያይም። የእሱ የቀትር ጥላ ዓመቱን ሙሉ ወደ ሰሜን ነው። የእኛ ልጅ ጥላው ፊቱን ሲያዞር በዓይኑ አይቶ፣ በማስመሪያው ለክቶ፣ መሬት ማዘንበሏን ከራሱ ደብተር ላይ ማንበብ ይችላል። ወጪው አንድ ዱላ ነው።

ይህን ለመምህራን ስናገር የሚሰጡኝን መልስ አውቀዋለሁ፤ እውነትም አለው። በአንድ ክፍል 60 እና ከዚያ በላይ ተማሪ አለ። ምዕራፉ ካልተሸፈነ ርእሰ መምህሩ ይጠይቃል። ላቦራቶሪ ባለበት ትምህርት ቤት ደግሞ ቁልፉ ንብረት ክፍል ነው፤ ቴርሞሜትሩን ፈርሞ ያወጣው መምህር ቢሰበር ከደመወዜ ይቆረጥብኛል ብሎ ይሰጋል፤ ስለዚህ ዕቃው በካርቶኑ እንዳለ ያረጃል። መምህርን ለዚህ መውቀስ ግፍ ነው።

ከላይ የመጡት ውሳኔዎችም ብዙ ጊዜ ልጁን ከማናገር ይልቅ ማዳመጥን አብዝተውበታል። በ1997 ዓ.ም. ገደማ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ውስጥ የገባውን የፕላዝማ ቴሌቪዥን ትምህርት የምታስታውሱ ታስታውሳላችሁ። ደቡብ አፍሪካ የተቀረጸው ትምህርት በሳተላይት መጥቶ በእንግሊዝኛ ይወርድ ነበር፤ መምህሩ መጀመሪያና መጨረሻ ላይ ጥቂት ደቂቃ ይሰጠው ነበር። ጥሩ ምስልና ጥሩ ሙከራ ነበረው፤ ሊታይ የማይችለውን አሳይቷል። ነገር ግን ፕላዝማው ቆም ብሎ «አንተ ምን ይመስልሃል?» ሊል አይችልም ነበር። እጁን ያወጣውን ልጅ የሚያየው አልነበረም። በአፍ መፍቻ ቋንቋው ሲከራከር የቆየ ልጅም ቢዘገይ 9ኛ ክፍል ላይ ወደ እንግሊዝኛ ሲሻገር ያለችው ትንሽ ክርክርም ጸጥ ትላለች፤ ያልገባውን የሚጠይቅበት ቃል የለውማ። በሁለተኛ ደረጃም ቢሆን ልጆቹ መጀመሪያ በሚችሉት ቋንቋ ተከራክረው በኋላ በእንግሊዝኛ ቢጽፉት ምን ይጎድላል?

ከ2000 ዓ.ም. በኋላ ዩኒቨርሲቲ ከሚገቡት 70 በመቶው ሳይንስና ቴክኖሎጂ እንዲማሩ ተወስኖ ለዓመታት ተሠራበት። በሩን ከላይ ማስፋት ከታች ያለውን አላስተካከለም። በ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና ከወሰዱት 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.3 በመቶ ብቻ ሆኑ፤ በ2015 ደግሞ 3.2። ቁጥሩ የማኅበራዊ ሳይንስ ተማሪዎችንም ይጨምራል፤ ጦርነቱም፣ ኮቪድም፣ የኩረጃ በር መዘጋቱም የየራሳቸው ድርሻ አላቸው። እኔ ግን ከዚያ ውስጥ የሽምደዳ ትምህርት ድርሻ ትንሽ ነው ብዬ አላምንም።

በሌላ በኩል፣ «ልጆቹን ተዋቸው፣ ራሳቸው ያግኙት» በሚለው አልስማማም። የሰው ልጅ የአየር ግፊትን ለመረዳት ሺህ ዓመታት ፈጅቶበታል፤ አንድ የ7ኛ ክፍል ልጅ በ40 ደቂቃ ውስጥ ድስት እያየ አይደርስበትም። መምህሩ መናገር አለበት፤ በደንብ፣ በግልጽ። የምለው ስለ ቅደም ተከተሉ ነው። ልጁ መጀመሪያ ይገምት፣ ይጻፍ፣ ይለካ፤ ግምቱና ልኬቱ ሲለያዩ ይጨነቅ። ያኔ የመምህሩ ማብራሪያ የሚያርፍበት ቦታ ያገኛል። ለ60 ተማሪም ይሠራል፤ አንድ ዱላ ለስልሳም ያው አንድ ዱላ ነው።

መምህራን የሚያስተምሩት ፈተና ላይ የሚመጣውን ነው፣ ይህንም የሚለውጥ ስብከት የለም። ስለዚህ ልመናዬ ለፈተና አዘጋጆች ነው። «ውኃ በስንት ዲግሪ ይፈላል?» የሚለውን አውጥታችሁ በምትኩ ይህን አስገቡ፦ አንዲት የደብረ ብርሃን ተማሪ የሚፈላ ውኃ ለክታ 90 ተኩል አነበበች፣ አንድ የጋምቤላ ተማሪ 98 አነበበ፤ ማን ተሳሳተ? ለምን? ይህ ጥያቄ በአራት ምርጫ ሊጻፍ፣ በማሽንም ሊታረም ይችላል። ለአንድ ዓመት ብቻ እንዲህ ያሉ ጥያቄዎች ከወጡ፣ በቀጣዩ መስከረም መምህራን ንብረት ክፍል በር ላይ ቆመው ቴርሞሜትር ይጠይቃሉ።