ከወለድ የሸሸው ገበሬ ወዴት ይጠጋ?



በዚህ ወር ዓምዳችን የምናነሳው ጉዳይ በገጠር ቤተሰብ ሁሉ የሚታወቅ፣ ነገር ግን በግልጽ የማንወያይበት ነው። ይኸውም የክረምት ብድር ነው።

በአሶሳና በአካባቢዋ ዝናቡ ከግንቦት ጀምሮ እስከ ጥቅምት ይዘልቃል። ማሽላው፣ በቆሎው፣ አኩሪ አተሩና ለውዙ በዚሁ ወቅት ይበቅላል፤ አብዛኛው እህል ጎተራ የሚገባው ግን ከኅዳር ወዲህ ነው። ገበሬው ደግሞ ገንዘብ የሚያስፈልገው በሰኔና በሐምሌ ነው። ዘርና ማዳበሪያ ይገዛል፣ ለአራሚ ይከፍላል፣ የታመመ ልጅ ያሳክማል። መስከረም ሲጠባ ደብተርና ዩኒፎርም ይጠብቀዋል። እኛ በማስተማር ሥራ ላይ ያለን ሰዎች ችግሩን የምናየው በምዝገባ ጊዜ ነው፤ «እህሉ ሲደርስ ይመጣል» የተባለው ልጅ እህሉ ሲደርስ ትምህርቱ ግማሽ መንገድ ሄዶ ይጠብቀዋል።

ታዲያ ገንዘቡ ከየት ይምጣ? በአገራችን መሬት የመንግሥትና የሕዝብ በመሆኑ ገበሬው መሬቱን ሸጦ ወይም እንደ ከተማ ቤት አስይዞ ከባንክ ለመበደር ሲቸገር ኖሯል። ይህን ክፍተት ለመሙላት በ1988 ዓ.ም. የማይክሮ ፋይናንስ ተቋማት አዋጅ ቁጥር 40 ወጣ። ተበዳሪዎች በቡድን ሆነው እርስ በርስ ዋስ የሚሆኑበት አሠራርም በየክልሉ ተስፋፋ፤ ይህ አሠራር በባንግላዴሽ የግራሚን ባንክ ሥራ በዓለም ዙሪያ የታወቀ ነው። በቤኒሻንጉል ጉሙዝም በክልሉ ስም የሚጠራ ተቋም ተከፍቶ ማበደር ጀመረ። ይሁን እንጂ ብድሩ ወለድ ያለበት በመሆኑ ብዙ ሙስሊም ገበሬ ከበሩ ተመልሷል። ይህ ጥንቃቄ የሚመሰገን ነው፤ ወለድ ሐራም መሆኑ የሚያከራክር አይደለምና።

ጥያቄያችን ግን ከዚህ ይጀምራል። ከተቋሙ በር የተመለሰው ወንድማችን ወዴት ሄደ? ብዙውን ጊዜ የሄደው ወደ ነጋዴው መጋዘን ነው።

በምሳሌ እንመልከተው። አንድ አባወራ በሰኔ 6,000 ብር ቸገረው እንበል። ነጋዴው «ሦስት ኩንታል ማሽላ በመኸር ታስረክበኛለህ» ብሎ በኩንታል 2,000 ብር ሂሳብ ገንዘቡን ይሰጠዋል። በመኸር፣ ያውም ዋጋ በሚረክስበት ጊዜ፣ ኩንታሉ 3,000 ብር ያወጣል። አባወራው የ9,000 ብር እህል አስረከበ ማለት ነው፤ በአምስትና በስድስት ወር ውስጥ የተቀበለውን ግማሽ ጨምሮ ከፈለ። ምርቱ አንሶ ሁለት ኩንታል ብቻ ቢያቀርብ ደግሞ የቀረችው አንድ ኩንታል ለከርሞ ሁለት ትሆናለች። ይህ ሲሆን «ወለድ» የሚል ቃል ከማንም አፍ አልወጣም። ስሙ ግብይት ነው፤ ጊዜ በመግፋቱ ምክንያት ዕዳው ማደጉ ግን ያው ሪባ ነው። ይህን የምንለው የተቋሙን ወለድ ለማቅለል አይደለም። ከአንዱ በር ሸሽተን በሌላው እንዳንገባ ለማሳሰብ ነው።

ውድ አንባብያን! ኢስላም ገበሬውን «አትበደር» ብሎ ብቻ አልተወውም። ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ወደ መዲና ሲገቡ ነዋሪዎቿ ለሚመጣው ዓመት ቴምር ዋጋውን አስቀድመው ይከፍሉ ነበር። እርሳቸውም ልማዱን አልከለከሉም፤ ነገር ግን ስፍሩ፣ ሚዛኑና ቀኑ የታወቀ እንዲሆን አዘዙ። ይህ ውል «ሰለም» ይባላል። ዑለሞቻችን ያስቀመጧቸውን ዋና ዋና መስፈርቶች ብናይ ከላይ ካየነው የመጋዘን ውል ምን ያህል እንደሚለይ እንረዳለን።

አንደኛ፣ ዋጋው በውሉ ጊዜ ሙሉ በሙሉ መከፈል አለበት፤ «ግማሹን አሁን፣ ግማሹን ኋላ» አይሠራም። ሁለተኛ፣ የእህሉ ዓይነት፣ ጥራትና መጠን፣ የሚያስረክብበትም ቀን መታወቅ አለበት። ሦስተኛ፣ «ከዚያ ማሳ የሚገኘውን» ብሎ መዋዋል አይቻልም፤ ማሳው ሊከዳ ይችላልና። ገበሬው ከሌላ ቦታ ገዝቶም ቢሆን ማስረከብ ይችላል። አራተኛ፣ እህሉ ከታጣ ገዢው ወይ ይታገሣል ወይ የሰጠውን ገንዘብ ብቻ መልሶ ይወስዳል፤ በመዘግየቱ አንዲት ጣሳ እንኳ አይጨምርም። አላህ (ሱ.ወ.) በሱረቱል በቀራህ የተቸገረ ባለዕዳ እስኪያገኝ እንዲጠበቅ አዟል። በዚያው ሱራ ዕዳ እንዲጻፍና ምስክር እንዲቆምበት ታዟል። ኢብኑ ዐባስም ይህች የዕዳ አንቀጽ ሰለምን እንደምታካትት አስረድተዋል።

በሰለም ዋጋው ከመኸር ዋጋ ጥቂት ዝቅ ቢል የተፈቀደ ነው፤ ነጋዴውም የድካሙን ማግኘት አለበት። በአንጻሩ ገበሬው የሚጠቀመው አለ። ዕዳው በብር ሳይሆን በኩንታል ነው። በ1994 ዓ.ም. በአገራችን የበቆሎ ዋጋ ክፉኛ ሲወድቅ ማዳበሪያ በብድር የወሰዱ ብዙ ገበሬዎች ምርቱ እያላቸው ዕዳቸውን መክፈል አቃታቸው። የብሩ ዕዳ አልቀነሰም፤ እህሉ ግን ረክሷል። በሰለም የተዋዋለ ሰው ቢሆን ኖሮ የዋጋው መውደቅ የሚነካው ገዢውን ነበር።

ዋጋ ሲንር ደግሞ በተቃራኒው ገበሬው ይጎዳል። የዚህ ትምህርት ከኩርሙክ ማዶ፣ ከጎረቤታችን ከሱዳን ይገኛል። ሰብልን ሳይደርስ ለነጋዴ መሸጥ በዚያ «ሼል» ተብሎ ይታወቃል። ባንኮቹ ከእ.ኤ.አ. 1980ዎቹ ወዲህ ወደ ኢስላማዊ አሠራር ሲዞሩ ለገበሬው ሰለምን ማቅረብ ጀመሩ። ነገር ግን የገንዘቡ የመግዛት አቅም በፍጥነት በመውደቁ ገበሬዎች በብዙ ዕጥፍ ውድ የሆነ እህል በድሮ ዋጋ የሚያስረክቡ ሆኑ። መፍትሔውም በውሉ ውስጥ ጉዳትን የሚያስወግድ አንቀጽ ማስገባት ነበር፤ የገበያው ዋጋ ከውሉ ዋጋ ከአንድ ሦስተኛ በላይ ከራቀ ሁለቱ ወገኖች ሂሳቡን እንደገና ያስተካክላሉ። ለእኛም የሚበጅ ልምድ ነው።

በአገራችንም መንገዱ እየተከፈተ ነው። በ2004 ዓ.ም. ባንኮች ከወለድ ነፃ አገልግሎት በመስኮት እንዲሰጡ መመሪያ ወጣ፤ በ2011 ዓ.ም. የተሻሻለው የባንክ ሥራ አዋጅ ሙሉ በሙሉ ከወለድ ነፃ የሆነ ባንክ ማቋቋምን ፈቀደ፤ በ2013 ዓ.ም. ዘምዘምና ሒጅራ ባንኮች ሥራ ጀመሩ። ሆኖም በከተማ የተከፈተ በር በገጠር ጎጆ ውስጥ ተከፈተ ማለት አይደለም። የገበሬ ማኅበራትና የመስጂድ ጀመዓዎች ወደነዚህ ባንኮች ሲሄዱ ለነጋዴው የሚሆነውን ሙራበሓ ብቻ ሳይሆን ለገበሬው የሚሆነውን ሰለምም ሊጠይቁ ይገባል። ያልተጠየቀ አይቀርብምና።

እስከዚያው በቤታችን የምንሠራው አለ። እህል ጎተራ እንደገባ ባልና ሚስት ተቀምጠው የሰኔን ወጪ ያስሉ፤ ዘሩን ይለዩ። በመንጌ፣ በኩርሙክና በሸርቆሌ እናቶቻችን ወርቅ አጥበው የሚያገኙት ገንዘብ ብዙ ቤት ከነጋዴው መጋዘን ያድናል፤ ገንዘቡ ግን የእርሷ ሐቅ መሆኑን ባል አይርሳ፤ ሰጥታ ከሆነ ያመስግን፣ አበድራ ከሆነ ይክፈላት። ጀመዓውም በመኸር ከየቤቱ ጥቂት ጥቂት እህል አከማችቶ በክረምት ያለ ትርፍ ቢያበድር «ቀርድ ሐሰን» ይሆናል። ዕዳ ያጎበጠው ሰውም ዘካ ከሚገባቸው ስምንት ወገኖች አንዱ ነው፤ በዝናብ ከበቀለው እህል፣ ኒሷብ ሲሞላ፣ የምናወጣው አንድ አሥረኛ ወደ እርሱም ይድረስ።

ለነጋዴ ወንድሞቻችን የምንለው አጭር ነው፤ በሰኔ ሲዋዋሉ ይጻፉ፣ ምስክር ያቁሙ፣ ለቸገረው ሰው የሚሰጡትን ዋጋ ለራሳቸው ልጅ ቢሆን ይሰጡት እንደሆነ ያስቡ፤ የጎደለችውንም ኩንታል ለከርሞ ሁለት አያድርጓት።

አላህ ሪዝቃችንን ሐላል ያድርግልን። ወሏሁ አዕለም።