ጨዋታው ሲቆም፣ ሰው ከመክሰሳችን በፊት

«ነገርን ከሥሩ፣ ውኃን ከጥሩ» ይላሉ አበው። እኛ ግን ባለፈው ቅዳሜ ማታ በኮምፒዩተር ክፍላችን የሠራነው የዚህን ተቃራኒ ነበር። ስለሆነም ይህን ጽሑፍ በግድግዳው ጋዜጣ ላይ ስናወጣ ሁለት ዓላማ ይዘን ነው። አንደኛው፣ በኢንተርኔት የሚካሄድ የቡድን ጨዋታን በቀጥታ ስንከታተል የሚያጋጥመንን ችግር እንዴት ደረጃ በደረጃ መርምሮ መፍታት እንደሚቻል ለማስረዳት ሲሆን፣ ሁለተኛው በአንድ ሰው ላይ ያደረስነውን በደል በዚያው በአደባባይ ለማረም ነው።

እንደሚታወቀው ቅዳሜ ከምሽቱ 12 ሰዓት እስከ 2 ሰዓት የኮምፒዩተር ክፍሉ ለክበባት ክፍት ነው። እኛም አንድ ላፕቶፕ ከፕሮጀክተር ጋር አያይዘን ዶታ 2 የተባለውን ጨዋታ እንመለከታለን። ለማያውቁት አንባብያን ባጭሩ ለመግለጽ፣ ዶታ 2 ቫልቭ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ እ.ኤ.አ. በ2013 በይፋ ያወጣው፣ አምስት አምስት ሆነው የተሰለፉ ሁለት ቡድኖች በኢንተርኔት የሚፋለሙበት ጨዋታ ነው። አንዱ ቡድን የሌላውን ዋና ምሽግ ሲያፈርስ ግጥሚያው ያበቃል። ሌሎች ሲጫወቱ ደግሞ በዚያው በጨዋታው ውስጥ ገብቶ መመልከት ይቻላል። እንደ ኳስ ማለት ነው፤ ተሰላፊ አለ፣ ተመልካች አለ።

ባለፈው ቅዳሜ የአንድ ጓዳችን ታናሽ ወንድም ከአዳማ ሆኖ ይጫወት ስለነበር ክፍሉ ጢም ብሎ ሞልቷል። ግጥሚያውን ለመክፈት ስንሞክር እምቢ አለ። ደግመን ሞከርን፤ እምቢ። ከብዙ ድካም በኋላ ሲከፈት ደግሞ ምስሉ እየቆመ እየሄደ አስቸገረን። በመጨረሻም ያ ልጅ ከአዳማ ደውሎ «አሸነፍን!» ሲለን በእኛ ግድግዳ ላይ ምሽጉ ገና እንደ ቆመ ነበር። በዚህን ጊዜ አንዱ ከኋላ ተነሥቶ «ጋሼ ናቸው! ሆን ብለው መስመሩን ቀንሰውብናል!» አለ። ሌላው «እኔም ጠርጥሬ ነበር» አለ። ጋሼ የምንላቸው የኮምፒዩተር ክፍሉን ባለሙያ ነው። በዚያው ሳምንት «ሪፖርት የሚልኩ ልጆች አሉና መስመሩን አትጨርሱት» ብለው መክረውን ስለነበር ጥርጣሬው ቶሎ ሥር ሰደደ። ሁለት ሰዓት ሳይሞላ ለዲኑ የሚቀርብ አቤቱታ ተጽፎ 11 ፊርማ ተሰበሰበበት። ከፈረሙት መካከል የዚህ ጽሑፍ አዘጋጆችም አለንበት። አንሸሽገውም።

ሰኞ ዕለት ወረቀቱ ከመግባቱ በፊት ወሬው ጋሼ ጆሮ ደረሰ። አልተቆጡም። «ልጆች፣ እኔ የዘጋሁት ነገር የለም። ግን በወሬ ከምንካሰስ ላፕቶፑን አምጡትና አብረን እንየው» አሉን። አብረን አየነው። አንድ ችግር ነው ያልነው ነገር ሦስት ሆኖ ተገኘ፤ ከሦስቱም አንዱ እንኳ የጋሼ ጥፋት አልነበረም።

የመጀመሪያው ምክንያት ላፕቶፑ ነበር። እንዲህ ያሉ ጨዋታዎች በየጊዜው አፕዴት ይወጣላቸዋል። በመመልከቻው ኮምፒዩተር ላይ ያለው ቅጂና በሰርቨሩ ላይ ያለው ቅጂ ካልተመሳሰሉ ግጥሚያውን መክፈት አይቻልም። የእኛ ላፕቶፕ ዲስኩ በፊልም ተሞልቶ አዲሱን አፕዴት ማውረድ አቅቶት ከርሟል። ለዚህ ነው መጀመሪያ እምቢ ያለው።

ሁለተኛውን ምክንያት የፈጠርነው እኛው ነን። አንዱ ጓዳችን ብልህ ሆኖ ፊልሞቹን አጠፋና አፕዴቱን እዚያው አስጀመረው። እርሱ እስኪያልቅ አላስቻለንም፤ ከሌላ ልጅ ላፕቶፕ ተውሰን ግጥሚያውን ከፈትን። የመጀመሪያው ላፕቶፕ ግን ጥግ ላይ ተቀምጦ ጊጋባይቱን ሲጎትት ቆየ። በዚያ ላይ የአብዛኞቻችን ስልክ በዚያው ዋይ ፋይ ላይ ነበር። ምስሉ እየቆመ የሄደው መስመሩን ራሳችን ስለ ተሻማነው ነው። «የቸኮለ አፍሶ ለቀመ» የሚባለው ይህ አይደል?

ሦስተኛው ጭራሽ ችግር አልነበረም። በዶታ 2 ለሕዝብ ክፍት የሆነ ግጥሚያ በተለመደው መንገድ ሲታይ 2 ደቂቃ ያህል ዘግይቶ ነው የሚደርሰው። ሊግ ኦፍ ሌጀንድስ በተባለው ሌላው ታዋቂ ጨዋታ ደግሞ መዘግየቱ 3 ደቂቃ ነው። ይህ የተደረገው ታስቦበት ነው። ተመልካች የሁለቱንም ቡድን አሰላለፍ ያያል፤ ተጫዋች ግን የጠላቱን መደበቂያ አያይም። ተመልካቹ ያየውን በዚያው ቅጽበት ለተጫዋቹ በስልክ ቢያቀብለው ጨዋታው ጨዋታ መሆኑ ይቀራል። ይህ ደግሞ በግምት የሚነገር ሥጋት አይደለም። እ.ኤ.አ. በ2012 በሎስ አንጀለስ በተካሄደው የሊግ ኦፍ ሌጀንድስ የዓለም ሻምፒዮና፣ አዙቡ ፍሮስት የተባለው የኮሪያ ቡድን ከቲም ሶሎሚድ ጋር ሲጫወት አንድ ተጫዋቹ ዞር ብሎ ለተመልካች የተዘጋጀውን ትልቅ ስክሪን በማየቱ ቡድኑ 30,000 ዶላር ተቀጥቷል። እንግዲህ የአዳማው ልጅ ማሸነፉን ከእኛ ቀድሞ ማወቁ ደግ ነገር ነው፤ ሕጉ መሥራቱን ያሳያል።

በነገራችን ላይ በዚያው ውድድር የሩብ ፍጻሜው ጨዋታዎች በኔትወርክ መቋረጥ ምክንያት ደጋግመው ቆመው፣ የቀረው ወደ ሌላ ቀን ተላልፏል። ብዙ ገንዘብ የወጣበት መድረክ እንኳ እንዲህ ከሆነ የእኛ ክፍል ቢቆም ምን ይደንቃል? መቆሙ አያሳፍርም። የሚያሳፍረው ለምን እንደ ቆመ ሳይመረምሩ ሰው መክሰስ ነው።

ታዲያ እንዴት ይመረመር? ከጋሼ ጋር ተቀምጠን የተማርነውን በቅደም ተከተል እናቀርባለን።

አንደኛ፣ የማይከፈተው ያ ግጥሚያ ብቻ ነው ወይስ ሁሉም? ሌላ ግጥሚያ ከፍቶ መሞከር ነው። ሌላው ከተከፈተ ጉዳዩ ያለው እዚያው ግጥሚያ ላይ ነው፤ ምናልባትም አልቋል። ያለቀ ግጥሚያ የሚታየው በቅጂው ነው። ሁሉም ካልተከፈተ ወደ ሁለተኛው ይታለፋል።

ሁለተኛ፣ ጨዋታው አፕዴት ሆኗል? የዲስኩን ባዶ ቦታ ማየት፣ ቀጥሎም ጨዋታው በሚከፈትበት በስቲም ፕሮግራም ውስጥ ፋይሎቹ የተሟሉ መሆናቸውን የሚያጣራውን ትእዛዝ መስጠት ያስፈልጋል። የጎደለ ወይም የተበላሸ ፋይል ካለ ራሱ ፈልጎ ይተካዋል።

ሦስተኛ፣ መስመሩ። እዚህ ላይ ብዙዎቻችን የምንሳሳተው ኢንተርኔት ሁሉ አንድ ይመስለናል። መጀመሪያ በፒንግ ትእዛዝ እዚሁ ክፍል ያለውን ራውተር መጠየቅ ነው። ከሚላኩት መልእክቶች መልስ የሚያጣ ካለ፣ ወይም መልሱ አንዴ ፈጥኖ አንዴ የሚዘገይ ከሆነ ጣጣው ከክፍሉ አልወጣም፤ በዋይ ፋይ ፋንታ በኬብል መሞከር ይገባል። ራውተሩ በደንብ እየመለሰ የውጭው ካልመለሰ ግን ጣጣው ከግቢያችን ባሻገር ነው።

አራተኛ፣ በሩ። ድረ ገጽ እየተከፈተ ጨዋታው እምቢ ካለ ፋየርዎሉን መጠርጠር ይቻላል። ድረ ገጾች በአብዛኛው በፖርት 443 ሲመጡ፣ የስቲም ጨዋታዎች ግን ከ27000 እስከ 27100 ያሉትን የዩዲፒ ፖርቶች ይጠቀማሉ። ተቋማት እነዚህን ለጥንቃቄ ሲሉ ሊዘጓቸው ይችላሉ። መለያው ቀላል ነው፤ ያንኑ ላፕቶፕ ለጥቂት ደቂቃ በስልክ ሆትስፖት ማገናኘት። በሆትስፖት ከሠራ፣ በተቋሙ መስመር ካልሠራ፣ ያን ጊዜ ሄዶ ባለሙያውን በአክብሮት መጠየቅ ነው። በስውር መንገድ ፋየርዎሉን ማለፍ ግን አይገባም። የሁላችንም የፈተና ውጤት የሚያልፈው በዚያው መስመር ነው።

አምስተኛ፣ ኮምፒዩተሩ ራሱ። በጨዋታው ውስጥ ገብተን ስንመለከት በመስመሩ የሚመጣው ምስል አይደለም። ማን የት እንዳለ፣ ማን ምን እንዳደረገ የሚገልጽ መረጃ ብቻ ነው የሚመጣው፤ ምስሉን የሚሥለው የእኛው ማሽን ነው። ስለዚህ መስመሩ ጤነኛ ሆኖ ማሽኑ ደካማ ከሆነ ምስሉ ይንቀጠቀጣል። መድኃኒቱ የምስሉን ጥራት ዝቅ ማድረግና ሌሎች የተከፈቱ ፕሮግራሞችን መዝጋት ነው። በቪዲዮ ስርጭት ስንመለከት ግን ነገሩ ይገለበጣል። ማሽኑ ብዙም አይደክም፤ መስመሩ ነው የሚጨነቀው። ጥራቱ ከፍ ያለ ቪዲዮ በሴኮንድ 6 ሜጋቢት ይወስዳል ብንል በሰዓት 21,600 ሜጋቢት፣ ለ8 ሲካፈል 2,700 ሜጋባይት መሆኑ ነው። በሴኮንድ 1 ሜጋቢት በሚወስድ ዝቅተኛ ጥራት ከሆነ በሰዓት 450 ሜጋባይት ይበቃል። የሒሳብ ክፍል ጓዶች ይመርምሩት።

ስድስተኛ፣ ይህ ሁሉ ደህና ከሆነ ሌላ ከተማ ላለ ወዳጅ መደወል ነው። እርሱም ካቃተው ሰርቨሩ ታሟል፤ ሻይ ጠጥቶ መጠበቅ ነው።

ከሁሉም በላይ የሚጠበቅ አንድ ደንብ አለ። በአንድ ጊዜ አንድ ነገር ብቻ መለወጥ። እኛ ቅዳሜ ማታ ኬብል ነቀልን፣ ላፕቶፕ ለወጥን፣ አፕዴት አስጀመርን፣ ራውተሩን አጥፍተን አበራን፤ ሁሉንም በአንድ ላይ። ከዚያ በኋላ የቱ እንዳበላሸ የቱ እንዳስተካከለ ማን ያውቃል?

ይህን ስናነሣ አንዳንድ መምህራኖቻችን «እጩ መምህር ጨዋታ እያየ ማምሸቱ ምን ይረባል? ይዘጋና ይገላገሉ» ማለታቸውን ሰምተናል። አስተያየታቸውን እናከብራለን። መስመሩ የጋራ መሆኑ፣ የማስተማር ልምምድ ሪፖርት የሚልክ ሰልጣኝ በእኛ ጨዋታ ምክንያት መጉላላቱም እውነት ነው። ይሁን እንጂ መዝጋት መልስ አይመስለንም። ነገ የምናስተምራቸው ልጆች እነዚህን ጨዋታዎች ይዘው ነው የሚመጡት። ከዚህም ሌላ፣ ስለ ምርመራ በክፍል ከተማርነው ይልቅ የሰኞው አንድ ሰዓት በአእምሯችን ቀርቷል።

እስቲ በልምምድ ትምህርት ቤት ያየነውን እናስታውስ። አንድ ልጅ ከሰሌዳው መገልበጥ ሲያቅተው ለአንዳንዶቻችን የሚቀናን «ሰነፍ ነው» ማለት ነው። ልጁ ግን ዐይኑ ሊሆን ይችላል፤ የተቀመጠበት ቦታ ሊሆን ይችላል፤ ቁርስ ሳይበላ መጥቶ ይሆናል፤ የምናስተምርበት ቋንቋ የአፍ መፍቻው ላይሆን ይችላል፤ የእኛ የእጅ ጽሑፍም ሊሆን ይችላል። ወደ ፊት ወንበር አምጥተን ብናየው አንዱ ነገር ይለያል። እርሱ ካልሆነ ወደ ሚቀጥለው እናልፋለን። በጋሼ ላይ 11 ፊርማ ለማሰባሰብ ሁለት ሰዓት ያልፈጀብን ሰዎች፣ 60 ልጆች ይዘን ስንቆም በስንቱ ላይ «ሰነፍ» ብለን እንፈርም ይሆን? እኛን ያስደነገጠን ይህ ነው።

በመሆኑም የሚከተሉትን እናቀርባለን። አፕዴት ሐሙስ ማታ ክፍሉ ሲለቀቅ ይውረድ እንጂ ቅዳሜ አይጀመር። በቅዳሜው ሰዓት አንድ ላፕቶፕ ብቻ በኬብል ይገናኝ፤ ስልኮቻችን ከዋይ ፋይ ይውጡ። ሪፖርት የሚልክ ሰው ካለ ቅድሚያው የእርሱ ነው፤ ጨዋታው ይቆያል። አንድ ደብተር ከፕሮጀክተሩ አጠገብ ይቀመጥና ችግር በተፈጠረ ቁጥር ምን እንደ ታየ፣ ምን እንደ ተሞከረ፣ ምን እንደ ተገኘ ይጻፍበት። የሚቀጥለው ቡድን ከዜሮ አይጀምርም።

አቤቱታውን ቀደነዋል። መቅደዱ ግን በቂ አይደለም፤ ስማቸው የተነሣው በሰው ፊት ነውና ይቅርታውም በሰው ፊት መሆን አለበት። ጋሼ፣ አጥፍተናል፤ ይቅር ይበሉን። በሚመጣው ቅዳሜ ወንበር ይዘንልዎታል።