ቤዛ ስለ ተባለው ሽያጭ

የአሜሪካን ታሪክ ጥቂት ያነበበ ሰው፥ ያ አገር የታጠፈበት ዓመት የትኛው እንደ ሆነ ቢጠየቅ፥ ሳያመነታ 1863 ወይም 1865 ብሎ ይመልሳል (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው)። አብርሃም ሊንከን የነፃነትን ዐዋጅ አወጀ፤ ሰሜኑ ደቡቡን ድል ነሣ፤ ባርነት በሕገ መንግሥት ተሻረ፤ ነገሩም በዚያው አለቀ ይላል። ይህ አነጋገር ለሰሚ ጆሮ ይጥማል፤ ተናጋሪውንም አያደክምም። ስሕተቱ ግን ሕጉ የተጻፈበትን ቀን ቈጥሮ፥ ሕጉ ጠባቂ ያጣበትን ቀን አለመቍጠሩ ነው። በብራና የተጻፈ ርስት ባላጋራ ሲነጥቀው ዳኛ ካልደረሰለት ርስት አይባልም። የአሜሪካ ጥቁር ሕዝብ ዳኛውን ያጣው በ1877 ነው፤ የአገሪቱም ታሪክ የታጠፈው በዚያ ዓመት ነው።

ከዚያ በፊት የነበሩት ዐሥራ ሁለት ዓመታት በእንግሊዝኛ «ሪኮንስትራክሽን» ይባላሉ፤ ዳግመኛ የመታነጽ ዘመን ማለት ነው። ስሙ ለሥራው የተገባ ነበረ። በ1865 የወጣው ዐሥራ ሦስተኛው የሕገ መንግሥት ማሻሻያ ባርነትን ሻረ፤ በ1868 ዐሥራ አራተኛው በአገሩ ተወልዶ በሕጉ ሥር ያለውን ሁሉ ዜጋ አደረገ፤ በ1870 ዐሥራ አምስተኛው፥ በቀለሙ ወይም ቀድሞ ባሪያ በመሆኑ ምክንያት ማንም ዜጋ ድምፁን እንዳይከለከል አዘዘ (ሴቶች ግን ገና አልታሰቡም ነበር)። ትናንት በገበያ ይሸጥ የነበረ ሰው ዳኛ፥ የከተማ ሹም፥ የምክር ቤት አባል ሆነ። በዚያ ዘመን በምርጫም በሹመትም ሥልጣን ያገኙት ጥቁሮች ወደ 2,000 ይደርሳሉ። በ1870 ሃይረም ሬቭልስ የሚባል የወንጌል ሰባኪ ከሚሲሲፒ ተመርጦ በሴናት ተቀመጠ፤ ከእርሱ በፊት ጥቁር ሰው በዚያ ቤት ተቀምጦ አያውቅም። የደቡብ ግዛቶች ለሕዝብ ሁሉ የሚሆን ትምህርት ቤት በመንግሥት ገንዘብ ማቆም የጀመሩትም በአብዛኛው በእነዚሁ ዓመታት ነው፤ በዚያም የድኻው ነጭ ልጅ ሳይቀር ፊደል ቈጠረ።

ሕንጻው ያለ መሠረት የተሠራበት ወገን እንደ ነበረው ግን አይካድም። በጃንዋሪ 1865 ጄኔራል ሸርማን በባሕሩ ዳር ያለው መሬት እስከ አርባ ኤከር እየተሸነሸነ ነፃ ለወጡት ቤተሰቦች እንዲሰጥ አዝዞ ነበር፤ ሊንከን ከተገደለ በኋላ ፕሬዚዳንት የሆነው አንድሩ ጆንሰን ግን በዚያው ዓመት መሬቱ ለቀድሞ ጌቶች እንዲመለስ አደረገ። ስለዚህ ነፃ የወጣው ሰው በጌታው ማሳ ላይ ቆሞ ቀረ።

በ1876 የፕሬዚዳንት ምርጫ ሆነ። ከዲሞክራት ወገን ሳሙኤል ቲልደን፥ ከሪፐብሊካን ወገን ራዘርፎርድ ሄይስ ቀረቡ። (በዚያ ዘመን የሊንከንና የጥቁሮች ወገን ሪፐብሊካኑ ነበረ፤ የዛሬውን አሰላለፍ ወደ ኋላ ወስዶ ማንበብ ያሳስታል።) ለማሸነፍ የ185 ወኪል መራጮች ድምፅ ያስፈልግ ነበር። ቲልደን 184፥ ሄይስ 165 አገኙ፤ በቀሩት 20 ላይ ክርክር ተነሣ። ኮንግሬስ ዐሥራ አምስት አባሎች ያሉበት ጉባኤ አቆመ፤ ጉባኤውም ክርክሩን 8 ለ7 በሆነ ድምፅ ለሄይስ ፈረደ። ዲሞክራቶች ቈጠራውን በማዘግየት ሊያሰናክሉ ሲነሡ፥ የሁለቱ ወገን ሰዎች በፌብርዋሪ 26 ቀን 1877 በዋሽንግተን ከተማ በዎርምሊ ሆቴል ተገናኙ። ነገራቸውም፥ ሄይስ ያለ ሁከት ፕሬዚዳንት ይሁን፤ በሉዊዚያናና በሳውዝ ካሮላይና የቀሩትን የሪፐብሊካን መንግሥታት የሚጠብቀው ወታደር ይነሣ የሚል ነበረ። የሆቴሉ ባለቤት ጄምስ ዎርምሊ ጥቁር ሰው ነው። በእርሱ ቤት የወገኑ ዋጋ ተቈረጠ። እንዲህ ያለውን ኅብር ባለ ቅኔ ፈጥሮት ቢሆን አበዛው ይባል ነበር፤ ታሪክ ግን ሳያፍር ጻፈው። በማርች 2 ቀን ሄይስ 185 ለ184 አሸነፈ ተባለ፤ በአፕሪል በኮሎምቢያና በኒው ኦርሊንስ የመንግሥቱን ቤት ይጠብቅ የነበረው ወታደር ወደ ሰፈሩ ተመለሰ፤ የሚጠብቃቸውም መንግሥታት ወደቁ።

አሁን ስለ ስሙ ይነገር። በየግዛቱ ሥልጣኑን የነጠቁት የደቡብ ነጮች ራሳቸውን «ሪዲመርስ» ብለው ሰየሙ፤ ሥራቸውንም «ሪደምፕሽን» አሉት። በግእዝ ትርጓሜው ቤዛና ቤዛነት ነው። ቤዛ ማለት ግን ምን እንደ ሆነ ሰዋስው የተማረ ሁሉ ያውቀዋል፤ ለምርኮኛው ማስለቀቂያ የሚሰጥ ዋጋ ነው። በክርስቲያን ቋንቋም ቤዛ የሚሆነው የራሱን ደም ይሰጣል እንጂ የሌላውን አያፈስም። እነዚህ ግን የከፈሉት ዋጋ የጥቁሮቹን ደም ነው፤ ነፃ አወጣን ያሉት ምርኮኛም የገዛ ሥልጣናቸው ነው። ከግፉ ይልቅ ስሙ ይከፋል፤ ግፈኛ ንስሓ ሊገባ ይችላልና፥ ግፉን ቤዛ ብሎ የጠራ ግን የንስሓውን ቃል አስቀድሞ ሰርቆታል።

ከዚህ በኋላ የሆነው በአጭሩ ይበቃል። ዐሥራ ሦስተኛው ማሻሻያ ባርነትን ሲከለክል በወንጀል የተፈረደበትን ለይቶ ነበር፤ በዚያ ቀዳዳ ገብተው፥ ሥራ ፈት ነህ እያሉ የያዙትን ጥቁር ለማዕድን ጕድጓድና ለእርሻ ጌታ አከራዩት። በአላባማ ይህ ክራይ እስከ 1928 ቈየ። በ1898 ሉዊዚያና ድምፅ የሚሰጥ ሰው ማንበብና መጻፍ ይወቅ ወይም ንብረት ይኑረው የሚል ሕግ አወጣች፤ ነገር ግን በ1867 መባቻ ድምፅ የመስጠት መብት የነበረው ሰው፥ ልጁና የልጅ ልጁም ከዚህ ነፃ ይሁኑ አለች። በሰሙ ስለ አያት ይናገራል፤ ወርቁ ግን ቀለም ነው፤ በዚያ ቀን በሉዊዚያና ድምፅ ያለው ጥቁር አያት አልነበረምና። በ1896 በዚያ ግዛት በመራጭነት የተመዘገቡት ጥቁሮች ከ130,000 በላይ ነበሩ፤ በ1900 ወደ 5,000 ወረዱ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ1896 በባቡር ውስጥ ነጭና ጥቁርን መለየት ሕግን አይነካም ብሎ ፈረደ፤ ብቻውን የተቃወመው ዳኛ ጆን ማርሻል ሃርላን ባሪያ ከነበራቸው የኬንታኪ ቤተሰብ የተወለደ ነበረ። ከ1901 እስከ 1973 ከቀድሞዎቹ ዐሥራ አንድ ዓማፅያን ግዛቶች አንድ ጥቁር ሰው እንኳ በኮንግሬስ አልተቀመጠም።

የሚከራከሩ አሉ። ከዐሥራ አንዱ ግዛቶች ስምንቱ ከ1877 በፊት ወድቀው ነበር፤ ወታደሩም ጥቂት ነበረ፤ ሰሜኑም ከ1873 የገንዘብ ድቀት ወዲህ ሰልችቶት ነበር፤ ስለዚህ የሆቴሉ ውል የለወጠው ነገር የለም ይላሉ። የጠቀሱት ሁሉ እውነት ነው፤ መደምደሚያው ግን አይከተልም። ከውሉ በፊት ጥቁሩን ከምርጫ ያባረረ ሰው ወታደር ይመጣብኝ ይሆን ብሎ ይሰጋ ነበር፤ በጭፍራው ማነስ ሳይሆን በመኖሩ ይፈራ ነበር። ከውሉ በኋላ የሚሰጋበት አጣ። በር ጠባቂው አንድ ሽማግሌ ቢሆንስ፥ ሌባው ገና ሌባ ተብሎ ይጠራል፤ ጠባቂው ቍልፉን አስረክቦ ከሄደ ግን ሌባው ባለቤት ነኝ ይላል።

ባለቤት ነኝ ባይም ታሪክ ጸሐፊ አላጣም። በኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ያስተምር የነበረው ዊልያም ደኒንግና ተማሮቹ፥ የጥቁሮቹ ሹመት ስሕተትና ዝርፊያ እንደ ነበረ፥ 1877ም ሥርዓት የተመለሰበት እንደ ሆነ አድርገው ጻፉ፤ የአሜሪካም ልጆች ይህን ለብዙ ዘመን ተማሩት። ጥቁሩ ሊቅ ዱ ቦይስ በ1935 በትልቅ መጽሐፍ መለሰላቸው፤ የሰማው ግን ጥቂት ነበረ። በኮልፋክስ፥ በሉዊዚያና፥ በ1873 በትንሣኤ እሑድ ብዙ ጥቁሮች፥ ከእነርሱም እጃቸውን ከሰጡ በኋላ የተገደሉ ነበሩ፥ በዚያ ስፍራ በ1950 የግዛቱ መንግሥት ያቆመው ጽሑፍ ነገሩን ሁከት ብሎ ጠርቶ፥ የክፉ አገዛዝ ፍጻሜ ሲል አመሰገነው። ጽሑፉ የተነሣው በ2021 ነው። በ1965 የወጣው የድምፅ ሕግ በዎርምሊ ቤት የተሸጠውን ከ88 ዓመት በኋላ አስመለሰ፤ በ2013 ግን ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ፥ በመለየት የታወቁት ግዛቶች የምርጫ ሕጋቸውን ሳያስፈቅዱ እንዳይለውጡ ያስገድድ የነበረውን ክፍል ሥራ አስፈታው።

«ሪዲመርስ» የሚለው ስም ግን በታሪክ መጻሕፍት እንደ ተጻፈ አለ፤ በጎ ፈቃድ ያላቸው ሊቃውንት እንኳ የተለመደ ነው ብለው ይጽፉታል። ይህን ታሪክ ወደ አማርኛ የሚመልስ ሰው መዝገበ ቃላቱን ገልጦ በዚያ ቃል ፊት «ቤዛ» የሚለውን ቢያገኝ፥ አይጻፈው። «ነጣቂ» የሚል ቃል በአማርኛ አለ።