የቤት ብድር፡- ወለድ አገድ በዘመናዊ ስሙ

ቤት በብድር ለመግዛት ወይም ለመሥራት የተነሣ ሰው ባንክ ሲሄድ ሁለት ነገር ይጠይቃል፡፡ አንደኛው “ስንት ታበድሩኛላችሁ?” የሚል ነው፡፡ ሁለተኛው “በወር ስንት ልከፍል ነው?” የሚል ነው፡፡ ሦስተኛውን ጥያቄ፣ ማለትም “ዕዳው ተከፍሎ እስኪያልቅ በጠቅላላው ስንት ብር ከእጄ ይወጣል?” የሚለውን የሚያነሣው ጥቂት ነው፡፡ ባንኩም ካልተጠየቀ አይነግረውም፡፡ ትልቁ ቁጥር ግን ያለው እዚያ ነው፡፡

ጉዳዩ የአዲስ አበባ ብቻ ይመስላል፡፡ አይደለም፡፡ ከወልዲያ ወደ አላማጣ በሚወስደው አውራ ጎዳና ላይ የምትገኘውን ቆቦን እንውሰድ፡፡ የራያ ቆላ ሰው ለዘመናት ማሽላና ጤፍ እያመረተ፣ ከብት እያረባ ኖሯል፡፡ ካለፉት ጥቂት አሥርት ዓመታት ወዲህ ደግሞ በከተማዋ የተሠራው ቤት ብዙው የቆመው ልጆች ከዓረብ አገር በላኩት ገንዘብ ነው፡፡ የመንግሥት ሠራተኛው በቤት ሥራ ማኅበር ተደራጅቶ፣ በዝግ ሒሳብ ቆጥቦ፣ ቦታ እስኪደርሰው ይጠብቃል፡፡ ቦታው ሲደርሰው የቆጠበው ለመሠረትና ለግድግዳ ያልቃል፤ ለጣሪያው ፊቱን ወደ ባንክ ያዞራል፡፡ ከዚያች ቀን ጀምሮ የሚገባበትን ውል ቆላ የሚኖሩ አያቶቹ በሌላ ስም በሚገባ ያውቁት ነበር፡፡

ወለድ አገድ ምን ነበር?

አንድ ገበሬ ሲቸግረው መሬቱን ለባለገንዘብ አሲዞ ይበደራል፡፡ አበዳሪው መሬቱን ይዞ ያርሳል፤ ምርቱንም ይወስዳል፡፡ የሚወስደው ምርት በወለድ ፈንታ ነው እንጂ ዋናውን ገንዘብ አይቀንስም፡፡ ገበሬው አሥር መኸር ቢያልፍበትም የተበደረው መቶ ብር ያው መቶ ብር ነው፡፡ ዋናውን በአንድ ጊዜ አምጥቶ ካልከፈለ መሬቱ አይመለስለትም፡፡ ይህ ወለድ አገድ ይባላል፡፡ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችንም የማይንቀሳቀስ ንብረት መያዣን ከደነገገ በኋላ በዚሁ ስም እውቅና ሰጥቶታል፡፡ የገጠር መሬትን የሕዝብ ያደረገው አዋጅ ቁጥር 31/1967 ይዞታን በሽያጭ፣ በመያዣና በወለድ አገድ ማስተላለፍን ከልክሏል፡፡ ልማዱ ግን በአዋጅ ብቻ ፈጽሞ አልጠፋም፡፡

የዘመናችን የባንክ ብድር ከወለድ አገድ የተሻለ ነው፡፡ ቤቱን ይዞ የሚኖርበት ተበዳሪው ነው፤ ዋናው ገንዘብም በጊዜ ብዛት ይቀንሳል፡፡ ነገር ግን በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የሚከፈለውን ገንዘብ ወዴት እንደሚሄድ የተከታተለ ሰው፣ ልዩነቱ ከሚያስበው በላይ ቀጭን መሆኑን ይገነዘባል፡፡

ስሌቱ ይናገር

ለምሳሌ ያህል አንድ ቤተሰብ 2 ሚሊዮን ብር በ16 በመቶ ዓመታዊ ወለድ፣ በ20 ዓመት ሊከፍል ተበደረ እንበል፡፡ ወለዱ በየወሩ በቀሪው ዕዳ ላይ ቢታሰብና ወርኃዊ ክፍያው እኩል ቢሆን፣ በየወሩ 27,825 ብር ገደማ ይከፍላል፡፡ በ240 ወራት ሲባዛ 6 ሚሊዮን 678 ሺሕ ብር ያህል ይሆናል፡፡ ስለዚህ 2 ሚሊዮን ተበድሮ 4 ሚሊዮን 678 ሺሕ ብር ወለድ ከፈለ ማለት ነው፡፡

ይህ ብቻ አይደለም፡፡ በመጀመሪያው ወር ከሚከፍለው 27,825 ብር ውስጥ 26,667ቱ ወለድ ነው፡፡ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 1,158 ብር ብቻ ነው፡፡ አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያሳልፍ 1 ሚሊዮን 669 ሺሕ ብር ከከፈለ በኋላ ቀሪ ዕዳውን ቢጠይቅ፣ 1 ሚሊዮን 894 ሺሕ ብር እንዳለበት ይነገረዋል፡፡ ከከፈለው መቶ ብር 94 ያህሉ ወለድ ሆኖ ሄዷል፡፡ የዋናው ዕዳ ግማሽ የሚጠናቀቀውም በ10ኛው ዓመት ሳይሆን ወደ 16ኛው ዓመት ማብቂያ ግድም ነው፡፡ ታዲያ ይህ ከወለድ አገድ በምን ይለያል ቢባል፣ “በመጀመሪያዎቹ ዓመታት በብዙ አይለይም” ብሎ መመለስ ይቻላል፡፡

እዚህ ላይ ባንኩ አጭበረበረ ማለት ስህተት ነው፡፡ ስሌቱ በዓለም ዙሪያ የሚሠራበት ነው፤ ገንዘቡም የአስቀማጮች ነው፡፡ ችግሩ ስሌቱን የሚያውቀው አንደኛው ተዋዋይ ብቻ መሆኑ ነው፡፡

ስሌቱን የሚያውቅ ተበዳሪ ግን ብዙ ያተርፋል፡፡ ያንኑ 2 ሚሊዮን ብር በዚያው ወለድ በ10 ዓመት ልክፈል ቢል፣ ወርኃዊ ክፍያው 33,503 ብር ገደማ ይሆናል፡፡ ጭማሪው በወር 5,700 ብር አይሞላም፡፡ ጠቅላላ ክፍያው ግን ወደ 4 ሚሊዮን 20 ሺሕ ብር ይወርዳል፡፡ ከ2 ሚሊዮን 650 ሺሕ ብር በላይ በኪሱ ቀረ ማለት ነው፡፡ ብዙዎቻችን ረጅሙን ዘመን የምንመርጠው የወር ክፍያው ቀላል ስለሚመስለን ነው፡፡ የሚመስለን ቅለት ግን በዕድሜያችን የሚከፈል ነው፡፡ ከሳዑዲ ዓረቢያ የሚላክ ገንዘብ ያለው የቆቦ ቤተሰብ በተገኘበት ወቅት ከዋናው ዕዳ ላይ ቀድሞ መቀነስ ከቻለ፣ በተለይም በመጀመሪያዎቹ ዓመታት፣ ትርፉ ከፍተኛ ነው፡፡ ስለዚህ ውሉ ከጊዜ በፊት መክፈልን ያለ ቅጣት ይፈቅዳል ወይ ብሎ መጠየቅ ግድ ነው፡፡

በዚህ ላይ የንብረት ግምት ክፍያ፣ የመድን ዋስትና፣ የመያዣ ምዝገባና የቴምብር ቀረጥ ይጨመራል፡፡ እያንዳንዱ ትንሽ ይመስላል፤ ሁሉም ግን የቤቱ ዋጋ አካል ነው፡፡

ወለዱስ ይቆማል?

ከላይ ያለው ስሌት ወለዱ ለ20 ዓመት 16 በመቶ ሆኖ እንደሚቆይ አድርጎ ነው፡፡ ብዙ ጊዜ በብድር ውል ውስጥ የምትገኝ አንዲት ዓረፍተ ነገር ግን ባንኩ ወለዱን እንደ ሁኔታው ሊያሻሽል እንደሚችል ትገልጻለች፡፡ ወለዱ ገና ከጅምሩ ከ16 ወደ 19 በመቶ ከፍ ቢል፣ ወርኃዊው ክፍያ 32,414 ብር ይሆናል፤ ጠቅላላው ክፍያም በ1 ሚሊዮን 100 ሺሕ ብር ያህል ይጨምራል፡፡

የፍትሐ ብሔር ሕጉ ለገንዘብ ብድር የ12 በመቶ የወለድ ጣሪያ አስቀምጧል፡፡ ባንኮች ግን በዚህ ጣሪያ ሥር አይሠሩም፡፡ ብሔራዊ ባንክ የብድር ወለድን ለባንኮቹ ውሳኔ ከተወ ቆይቷል፡፡ በጥቅምት 2010 ዓ.ም. ብሔራዊ ባንክ ብርን በ15 በመቶ ሲያዳክም ዝቅተኛውን የቁጠባ ወለድ ከ5 ወደ 7 በመቶ አሳድጎ ነበር፤ ባንኮችም ወጪያቸው ሲጨምር የብድር ወለዳቸውን ከፍ አድርገዋል፡፡ ሐምሌ 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪው ለገበያ ከተለቀቀ ወዲህ ደግሞ የብረቱም የሲሚንቶውም ዋጋ ሌላ ሆኗል፡፡ ቤቱን ገና እየሠራ ያለ ተበዳሪ በሁለት በኩል ይመታል፡፡ ብድሩ ቤቱን ሳይጨርስለት ያልቃል፤ ወለዱ ግን ባልተጨረሰው ቤት ላይም ይቆጥራል፡፡

“ግሽበት ዕዳውን ይበላዋል”

አንድ ጠንካራ መከራከሪያ አለ፡፡ የዛሬ 20 ዓመት የሚከፈለው ብር ከዛሬው ብር ጋር እኩል አይደለም፤ ስለዚህ 6 ሚሊዮን 678 ሺሕ የሚለው ቁጥር ያስፈራል እንጂ እውነተኛ ክብደቱ ያን ያህል አይደለም ይባላል፡፡ ይህ እውነት አለው፡፡ ቀደም ባሉት ዓመታት የኮንዶሚኒየም ዕጣ ወጥቶላቸው በዝቅተኛ ወለድ የ20 ዓመት ብድር የገቡ የአዲስ አበባ ነዋሪዎች ዛሬ የሚከፍሉት ወርኃዊ ክፍያ ከኪራይ ጋር ሲነጻጸር ኢምንት ነው፡፡ ግሽበት ለእነሱ ወዳጅ ሆኖላቸዋል፡፡

ነገር ግን ሁለት ነገር አይዘንጋ፡፡ አንደኛ፣ ግሽበት ዕዳን የሚበላው የተበዳሪው ገቢ ከዋጋው ጋር አብሮ ሲያድግ ነው፡፡ ደመወዙ ባለበት የቆመ መምህር ጤፉም ዕዳውም ይከብደዋል፡፡ ገቢው ከዓረብ አገር የሚላክለት ቤተሰብ ደግሞ የሌላ አገር ፖሊሲ እስረኛ ነው፡፡ በ2006 ዓ.ም. ሳዑዲ ዓረቢያ ከ160 ሺሕ በላይ ኢትዮጵያውያንን በጥቂት ወራት ውስጥ ስታስወጣ የብዙ ቤተሰቦች የገቢ ምንጭ በአንድ ጀምበር ደርቋል፡፡ ሁለተኛ፣ ግሽበት ከዕዳው ላይ የበላውን ከሰማይ አላመጣውም፡፡ የወሰደው ከአስቀማጩ ነው፡፡ በ2014 ዓ.ም. ግሽበቱ ከ30 በመቶ በላይ በነበረበት ወቅት ዝቅተኛው የቁጠባ ወለድ 7 በመቶ ነበር፡፡ በ2005 ዓ.ም. ለጋራ መኖሪያ ቤት ተመዝግቦ ለዓመታት የቆጠበና ዕጣ ያልወጣለት ሰው፣ ቤት ሳያገኝ የሌላውን ቤት ዋጋ ሲከፍል ኖሯል፡፡

ጦርነት ሲመጣ

ለቆቦ ሰው ከሁሉ የሚከብደው ጥያቄ ግን ሌላ ነው፡፡ ከተማዋ በ2013 ዓ.ም. ክረምት በጦርነት ተያዘች፤ እስከ 2014 ዓ.ም. ታኅሣሥ ድረስም ባንክና ስልክ ተቋረጠባት፡፡ በነሐሴ 2014 ዓ.ም. ዳግመኛ ያው ደረሰባት፡፡ ከ2015 ዓ.ም. ክረምት ወዲህም የአማራ ክልል በሌላ ግጭት ውስጥ ገብቷል፡፡ የባንኩ በር ተዘግቶ ሳለ ተበዳሪው ወዴት ሄዶ ይክፈል? የወለዱ ቆጣሪ ግን በር ሲዘጋ አይቆምም፡፡ በምሳሌአችን ላይ ባለው ብድር የመጀመሪያው ዓመት ክፍያ ሙሉ በሙሉ ቢቋረጥ፣ ወለዱ ብቻ 320 ሺሕ ብር ይሆናል፡፡

ሕጉ ምን ይላል? የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1792 እና 1793 ከአቅም በላይ የሆነ ምክንያትን ሲዘረዝሩ ከውጭ አገር ወይም ከውስጥ የሚነሣ ጦርነትን ያካትታሉ፡፡ ይህ ተበዳሪውን በመዘግየቱ ከሚመጣ ካሣ ሊያድነው ይችላል፡፡ ስለዚህ የመዘግየት ቅጣት ወለድን መቃወም ይቻላል፤ ቅጣቱ በባሕርይው የካሣ ያህል ነውና፡፡ መደበኛው ወለድ ግን ቅጣት ሳይሆን የገንዘቡ ዋጋ ነው፤ በዚህ መከላከያ መሰረዙ አጠራጣሪ ነው፡፡ አንቀጽ 1764 ደግሞ ግዴታው ስለከበደ ብቻ ውሉ እንደማይላላ ይናገራል፡፡ በሌላ በኩል አዋጅ ቁጥር 97/1990 ዕዳው በጊዜው ካልተከፈለ፣ ባንኩ ቢያንስ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ የያዘውን ንብረት ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ እንዲሸጥ መንገድ ከፍቶለታል፡፡ የእነዚህ ድንጋጌዎች ድምር ሲታይ፣ በውሉ ውስጥ አስቀድሞ ካልተጻፈ በስተቀር የጦርነቱ ዋጋ በአብዛኛው የሚያርፈው በተበዳሪው ትከሻ ላይ ነው፡፡ ዕዳ ከሜዳ ማለት ይህ ነው፡፡

ምን ይደረግ?

“የወለድ ጣሪያ ይደንገግ” የሚሉ አሉ፡፡ ጎረቤታችን ኬንያ በ2009 ዓ.ም. መባቻ ሞክራው ነበር፤ ባንኮች ለአነስተኛ ተበዳሪዎች የሚያበድሩትን ስለቀነሱ በ2012 ዓ.ም. ሕጉን ሰረዘችው፡፡ ርካሽ ብድር በወረቀት ላይ ብቻ ካለ ለማንም አይጠቅምም፡፡

የሚሻለው ዋጋውን በግልጽ ማስታወቅ ነው፡፡ አሜሪካ በ1960ዎቹ መጀመሪያ ያወጣችው ሕግ አበዳሪው የብድሩን ጠቅላላ ዋጋና እውነተኛ ዓመታዊ ወለዱን ከፊርማ በፊት እንዲያሳውቅ አስገድዷል፡፡ ሩቅ መሄድም አያስፈልግም፡፡ በ2004 ዓ.ም. ፈቃድ ባገኘው የወለድ አልባ ባንክ አገልግሎት፣ ባንኩ ቤቱን ገዝቶ ትርፉን ጨምሮ ለደንበኛው ሲሸጥ፣ ጠቅላላው ዋጋ በመጀመሪያው ቀን ይታወቃል፡፡ ሙስሊሙና ክርስቲያኑ ጎን ለጎን በሚኖርባት ቆቦ ይህ አሠራር ለሁሉም የሚያስተምረው ነገር አለ፡፡ ይህም ቢሆን ከዋጋው ርካሽ ነው ማለት አይደለም፤ ግልጽ ነው ማለት ነው፡፡

ስለዚህ ብሔራዊ ባንክ እያንዳንዱ የቤት ብድር ውል በፊቱ አንድ ገጽ እንዲኖረው፣ ተበዳሪው በሚያነብበት ቋንቋ እንዲጻፍና ለብቻው እንዲፈረምበት ማድረግ ይገባዋል፡፡ በገጹ ላይ ጠቅላላው ክፍያ፣ በ5ኛውና በ10ኛው ዓመት የሚቀረው ዕዳ፣ ወለዱ በ3 በመቶ ቢጨምር የሚመጣው ክፍያ፣ ከጊዜ በፊት የመክፈል መብትና ቅርንጫፉ በጦርነት ቢዘጋ ወለዱ የሚታሰብበት ሁኔታ ይጻፍ፡፡ ቅርንጫፉ በተዘጋበት ጊዜ ቅጣት እንዳይታሰብና የመክፈያ ዘመኑ በዚያው ልክ እንዲራዘም የሚያዝ አንቀጽ ለሰሜን ወሎ ብቻ ሳይሆን ለአገሪቱ ሁሉ ያስፈልጋል፡፡ ኪሳራውንም ተበዳሪው፣ ባንኩና መንግሥት ቢካፈሉት ፍትሐዊ ይሆናል፡፡

እስከዚያው ድረስ ውል የሚፈርም ሰው ቢያንስ አንድ ወረቀት ከባንኩ ጠይቆ ይውሰድ፡፡ እሱም ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ወር ያለው የክፍያ ሠንጠረዥ ነው፡፡ ወለድ አገድ የገባው ገበሬ ማንበብ ባይችል እንኳ አንድ ነገር ጠንቅቆ ያውቅ ነበር፤ መኸሩ የማን እንደሆነ፡፡ እኛ የተማርነው ደግሞ የወር ክፍያችን መኸር የማን እንደሆነ ሳናውቅ መፈረም የለብንም፡፡