ድምፅ አማና ነው

መቀመጫው ቦንጋ የሆነውን የካፋ ደን ቡና ገበሬዎች ኅብረት ሥራ ዩኒየን ሁላችንም እናውቀዋለን። ከሥሩ ያሉት መሠረታዊ ማኅበራት የአባቶቻችንና የእናቶቻችን ናቸው። ታዲያ በአንዱ ማኅበር የቦርድ ምርጫ ቢያጣላን፣ ገና ከመነሻው «ፍርድ ቤት እንገናኝ» ማለት ምን ይጠቅመናል? ቡና ቀጠሮ አይጠብቅም። ፈራሚው ሳይለይ የለቀማ ወቅት ከገባ፣ ቀዩ ፍሬ በተገኘው ዋጋ ለነጋዴ ይሸጣል።

የኅብረት ሥራ ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 985/2009 አንድ አባል አንድ ድምፅ ይላል፤ ዕጣ የበዛለትም ያነሰውም እኩል ነው። ለአለመግባባትም የዕርቅና የግልግል ዳኝነት መንገድ አለ።

«ለሰላም ሲባል ዝም በሉ» እያልን ግን አይደለም። ድምፅ አማና ነው፤ ሱልህም ሐቅ መቅበሪያ ሊሆን አይገባም። የተማርን ልጆች እዚህ ላይ ሥራ አለብን። ከምርጫው በፊት መተዳደሪያ ደንቡን ለወላጆቻችን እናንብብላቸው። የአባላት መዝገቡ በግልጽ ይታይ። ቃለ ጉባኤው እዚያው ተነቦ ይፈረም። ወረቀቱ ካለ ሽማግሌም ዳኛም የሚይዘው ነገር ያገኛል። ከሌለ የሚቀረን ጎሳና ሃይማኖት እየጠሩ መካሰስ ነው። ከዚያ አላህ ይጠብቀን።