የማንን ይስማ?

ባለፈው መስከረም አዲስ ዘመን አጠገብ፣ ጣራ ገዳም ግርጌ የሚኖረው ወንድሜ ዘንድ ሰንብቼ ነበር። በቆሎው እሸት ደርሷል፤ ዝንጀሮው ደግሞ ከጫካው ይወርዳል። ማሳውን የሚጠብቁት የወንድሜ የ11 ዓመት የልጅ ልጅና ውሻው አንበሴ ናቸው።

አንድ ረፋድ መንጋው መጣ። ወንድሜ ከማማው ላይ «ያዝ!» አለ፤ እኔ «በዚያ በኩል!» ስል ሴቶቹ ከደጅ «አንበሴ!» ይላሉ። ውሻው ወደዚህም ወደዚያም ሮጦ መሐል ላይ ቆመ። አንዱ ቦይ በቆሎ ባዶውን ቀረ። ወንድሜ ተናደደና «ይህን የማይረባ ውሻ ለሚወስደው እሰጠዋለሁ» አለ። ልጁ እንባው እየወረደ «አባባ፣ ሁላችሁም ስትጮኹ የማንን ይስማ?» አለ።

ነገሩ በቴሌቪዥን ያየሁትን ውድድር አስታወሰኝ። እ.ኤ.አ. በ1978 ለንደን ውስጥ ክራፍትስ በተባለው ትርኢት ላይ የታየ ጨዋታ ነው። ውሻው መሰናክል ይዘላል፣ በቱቦ ይሾልካል፣ ሰዓትም ይያዝበታል። ባለቤቱ ሊነካውም ምግብ ሊያሳየውም አይፈቀድለትም፤ በድምፁና በእንቅስቃሴው ብቻ ይመራዋል። በዚያ ሁሉ ጭብጨባ መሐል ውሻው ሐሳቡ እንዳይበተን፣ አስቀድሞ ጸጥ ባለ ቦታ በአጭር በአጭሩ ይለማመዳል። ቃሉ አንድ ነው፤ ሽልማቱም ወዲያው ይሰጠዋል።

ይህን ለልጁ ነገርኩት። በማግስቱ ጠዋት አውድማው ላይ «አንበሴ» ብሎ ጠራው፤ ውሻው ዓይኑን ሲያይለት ቁራሽ ቂጣ ሰጠው። ቀጥሎ «ሂድ» እና «ና» አስለመደው። ሲሰለቸው ይተወዋል። ከቀናት በኋላ እኅቶቹ አጠገቡ እየጮኹ አለማመደው። ከሁሉ የከበደው «ና» የሚለው ነበር፤ ግን ዋናው እሱ ነው፤ ውሻ ዝንጀሮ ተከትሎ ጫካ ከገባ ትልቁ ወንድ ሊገድለው ይችላልና።

በሳምንቱ መንጋው ተመልሶ መጣ። ሁላችንም አፋችንን ያዝን፤ ወንድሜማ በመዳፉ ከደነው። ልጁ «ሂድ!» አለ። አንበሴ ተፈተለከ። ዝንጀሮዎቹ ጥቂት ራስ በቆሎ ይዘው ሸሹ። ጫካው አፋፍ ላይ ሲደርስ ልጁ «ና!» አለው። ውሻው አንድ አፍታ ቆመ፤ ከዚያ ዞሮ መጣ።

ወንድሜ ውሻውን ስለመስጠት ዳግም አላነሳም።

ቤቴ ስመለስ የልጅ ልጄ ደብተሩን ዘርግቶ ያጠናል። እናቱ «ቶሎ ጨርስ»፣ አባቱ «ጽሕፈትህን አሳምር»፣ አያቱ «መጀመሪያ ብላ» ይሉታል። እኔም አንድ ነገር ልል አፌን ከፈትኩና መልሼ ዘጋሁት።